የማላምንበት መሐላ

ሰኞ
ልብሴ አሁንም ጭስ ጭስ ይላል። ቅዳሜ ማታ ሱቅ ዘግተን ከሄድን በኋላ የእትዬ ዘነበች ጨርቅ ሱቅ ተቃጠለ። ከኔ ልብስ ስፌት ቤት የሚለየው አንድ ግድግዳ ነው። እሳቱ ከየት እንደተነሳ የሚያውቅ የለም። የገበያ ተራችን ሽማግሌዎች ነገ ሁላችሁም ትምላላችሁ ብለዋል፤ ሙስሊሙ በቁርኣን፣ ክርስቲያኑ በመጽሐፍ ቅዱስ። ሳቄ መጣ። እግዚአብሔር የለም ካልኩ ስንት ዓመቴ! ለእናቴ ብቻ አልነገርኳትም።

ማክሰኞ
ማልኩ። መብራት በፈረቃ ስለሆነ የምተኩሰው በከሰል ካውያ ነው። ከሰሉ ላይ ውሃ አፍስሼ ነው የወጣሁት ብዬ መጽሐፉን ይዤ ማልኩ። ምን ይከብዳል? ወረቀት ነው። ጥበቃችን ጋሼ ሽኩር ግን እምቢ አሉ። በር ላይ ሻይ የሚያፈሉባት ምድጃ አለቻቸው። አጥፍቻታለሁ ይላሉ፤ ይማሉ ሲባሉ ግን፦ «አሸልቦኝ ቢሆንስ? ባላረጋገጥኩት አላህን ምስክር አልጠራም።»
በቃ፣ ያልማለ ጥፋተኛ ነው ተባለ። እስከ አርብ ካልማሉ ይባረራሉ። የሚተኙት እንኳ እዚሁ ነው፤ የት ይሄዳሉ?

ረቡዕ
እጄ ሥራ እምቢ አለኝ። ኮሌታ ገልብጬ ሰፋሁ። ቅዳሜ ውሃ አፍስሻለሁ። ወይስ አርብ ነበር? ጣሳው ይታየኛል፣ እጄም ይታየኛል፤ የየትኛው ቀን እንደሆነ ግን አላውቅም። እሺ፣ ይሄ የመርሳት ጉዳይ ነው፤ እግዚአብሔርን ምን አመጣው? እንዲህ እያልኩ ካውያውን ስነካው ፈራሁ። ሰው የሌለን ነገር ይፈራል? ያውም በጠራራ ፀሐይ፣ በዚህ ሁሉ ጫጫታ መሀል። የሆነ ነገር እያየኝ መሰለኝና ዞር አልኩ። ማንም የለም። አፈርኩ።

ሐሙስ
ጋሼ ሽኩር እንደ ወትሮው እንዴት አደርክ አሉኝ። ቢሰድቡኝ ይሻለኝ ነበር። ምሳ አልበላሁም፤ እስከ አብነት ሰፈር ድረስ በእግሬ ሄጄ ተመለስኩ።

አርብ
ከጁምዓ በኋላ ሽማግሌዎቹ በአለቃቸው በሐጂ ከድር ሱቅ ተሰበሰቡ። ጋሼ ሽኩር ዕቃቸውን በጆንያ ቋጥረው ደጅ ተቀምጠዋል። ገብቼ ሁሉንም ዘረገፍኩት። ከሰሉን ማጥፋቴን እርግጠኛ አይደለሁም፣ የማልኩትም በማላምንበት ነው አልኩ። እትዬ ዘነበች አማተቡ። ሐጂ ጋሼ ሽኩርን አስጠርተው ወደ ሥራዎ ይመለሱ አሏቸው። የኔን ነገር ሰኞ ያዩታል፤ ከተራው ያስወጡኝ ይሆናል። ቢሆንም ቀለል አለኝ።
ልወጣ ስል ሐጂ በቀስታ ጠየቁኝ፦ «ታዲያ ልጄ፣ ማንን ፈርተህ መጣህ?»
ማንንም አልፈራሁም፣ ስለ ጋሼ ሽኩር ብዬ ነው አልኳቸው። ይህ እውነት ነው ብለህ ማል ቢሉኝ ግን እምቢ እል ነበር።