ሻምበል ተኝቷል ያልኩሽ

ልጄ፣ ዛሬ ጠዋት ስትደውዪ ስልኩ የተቋረጠው ኔትወርክ ጠፍቶ አይደለም፤ እኔ ነኝ የዘጋሁት። «ስልኩን ሻምበል ጆሮ ላይ አድርግለት፣ ድምፄን ይስማ» ስትዪኝ ተኝቷል አልኩሽ። «ቀስቅሰው» ስትዪ እጄ ዘጋው። እናትሽ አየችኝና ወደ ጓዳ ገባች። እኔም ሥራ ሳልገባ ይኸው ወረቀት ይዤ ተቀመጥኩ።

ሰላምታውን ረሳሁት። እንደምን አለሽልኝ? ወገብሽን ተሻለሽ ወይ? ምሳ በሰዓቱ ትበያለሽ? ጋዙን መዝጋት፣ በሩን መቆለፍ፣ ስትሻገሪ ግራ ቀኝ ማየት እንዳትረሺ። እኛ ከሐሳብ በቀር ደህና ነን።

ውሻሽ ሻምበል ከሞተ ዛሬ ሃያ ሁለት ቀኑ ነው። ሦስት ጊዜ ደወልሽ፣ ሦስቱንም ጊዜ ዋሸሁሽ።

ጥፋቱ የኔ ነው። ትተሽው የሄድሽው የሥራ ጋዋን ላይ እንደሚተኛ ታውቂያለሽ። እንደ ልማዴ ቅዳሜ የሚታጠበውን ልብስ ዝርዝር ስጽፍ ቁንጫ ያፈራል ብዬ እሱንም ጨመርኩት። በኦሞ አሽቼ ራሴ አጠብኩት፣ አድርቄም መልሼ አነጠፍኩለት። አሸተተው፣ አገላበጠው፣ ትቶት ወጣ። ከዚያ ወዲያ አልተኛበትም።

ከማግስቱ ጀምሮ ጠዋት ጠዋት ይጠፋ ጀመር። ለካ ልብስ ሰፊው ሱቅ እየሄደ፣ አንቺ ትሰፊበት ከነበረው መኪና ሥር ይቀመጥ ኖሯል። ሰውየውም «አዲስ ሠራተኛ ቀጠርኩ፤ ደሞዝ አይጠይቅ፣ ሐሜት አያውቅ» እያለ ደንበኞቹን ያስቅ ነበር። በአራተኛው ቀን ወደዚያው ሲሻገር የውሃ ቦቴ ገጨው። አልተሰቃየም ብሎኛል ልብስ ሰፊው። እኔ አምኜዋለሁ፣ አንቺም እመኚው።

ውሻ ነው፣ ሌላ ይመጣል የምል ሰው ነበርኩ። አሁን ነው ሥራው የገባኝ። ሲመሽ አንድ በአንድ ያሸተን ነበር፤ እናትሽን፣ ወንድምሽን፣ አያትሽን፣ እኔን። ከዚያ የጎደለ ሰው አለ ብሎ በሩ ላይ ይጋደማል። እኔ በወረቀት የምይዘውን የቤት ቆጠራ እሱ በአፍንጫው ይዞት ኖሯል። ካንቺ የቀረውንም አጥቤ ያጠፋሁበት እኔ ነኝ።

ተቆጪኝ፣ መብትሽ ነው። ብቻ መደወሉን አትተዪ።

እናትሽ ጉንጭሽን ትስምሻለች። ወንድምሽ ሰላም ብሎሻል፤ ጉድጓዱን የቆፈረው እሱ ስለሆነ ወሬውን አታንሺበት። አያትሽ መርቃሻለች፤ እሷ አልሰማችም፣ ጠፍቷል ብለናታል።

ከቤት፣ ማክሰኞ፣ መጋቢት 9

ልብስ ሰፊው ሻምበልን ያመጣልን በሁለት ሜትር አዲስ ገበር ጠቅልሎ ነው። ዋጋውን ልሰጠው ብሄድ «ካንተ አልቀበልም፤ እሷ ስትመጣ አንድ ቀን ቁጭ ብላ ትሰፋልኛለች» ብሎ መለሰኝ። እስካሁን አልተከፈለም።