ኢያቄም እሺ አላለም

ላሊበላ፣ ጥቅምት ፲፪ ቀን ፳፻፲፰ ዓ.ም.

ይድረስ ላልወለድኩህ ልጄ ለታኩማ፣ ቶኪዮ፤

እንዴት ከረምህልኝ? ሥራ ሲበዛብህ እህል እንደምትረሳ አውቃለሁና መጀመሪያ ብላ። ቀጥለህ የሚወድህን አንድ ሰው ጥራና አጠገብህ አስቀምጥ። ብቻህን ከሆንክ ከዚህ በታች እንዳታነብ፣ ስለ ላሊበላ ብዬሃለሁ!

የላክኸው መልእክት ደርሶኛል። የስልክ ፊደል ስለሚያንስብኝ ጎረቤቴ ሐናን አነበበችልኝ። «ገንዘብ የሚሰጡኝ ሰዎች በፊልሙ መጨረሻ ልጁ ይሙት አሉኝ። ታሪኩ የኢያቄም ነውና እሱ እሺ ካለ እጽፈዋለሁ፤ እንቢ ካለ እታገላቸዋለሁ። እስከ ኅዳር መባቻ ጠይቀው ይንገሩኝ» ብለሃል። ከዚያ ወዲህ እህል በአፌ አልዞረም።

ስዕል ልታስተምር መጥተህ ሁለት ዓመት ቤቴ ስትኖር፣ አንድ ፈረስ በስዕል ለማስሮጥ ሰላሳ ወረቀት ስትጨርስ፣ «ይኼን ልጅ ምን ነካው» እያልኩ እስቅብህ ነበር። እንዳንተ ስዕል የለከፈው ተማሪ ልጄ ኢያቄም ብቻ ነው። አገርህ ገብተህ ስድስት ዓመት በሚንቀሳቀስ የስዕል ፊልም የሌላ ሰው ስዕል መሀል መሀሉን ስትሞላ፣ ኋላም ለሌሎች ዳይሬክተሮች ድርሰት ስትጽፍ፣ የመጀመሪያ ፊልምህን ሰው ሳያይልህ ሲቀር፣ ሁሉንም ጽፈህልናል። «ሥራውን ልተወው ነው» ያልክ ጊዜ «ጋሼ፣ እስቲ የኛን ሰፈር ሥራው» ብሎ የመለሰህ እሱ ነው። ይኸው ድርሰቱንም ራስህ ጻፍከው፣ ዳይሬክተሩም ራስህ ሆንክ። ኮርቼብሃለሁ።

እንግዲህ ልናገር። ሰው አጠገብህ አለ?

እኛ አገር መርዶ በደብዳቤ አይነገርም። በማለዳ ነው፤ ሽማግሌ ቀድሞ፣ ጎረቤት ተከትሎ፣ የሚደግፍህ ሰው ግራና ቀኝ ተቀምጦ። ቶኪዮ ማንን ልላክብህ? ዛሬ ነገ ስል ሁለት ዓመት ሄደብኝ። ኢያቄም የለም፣ ልጄ። ከብልባላ ገበያ ሲመለስ ተኩስ መሀል ገባ። አህያዋ የዘር ገብሱን እንደተጫነች ብቻዋን ቤት መጣች።

«ኩልመስክ ያስተምራል፣ ኔትወርክ የለም» ያልኩህ ውሸቴን ነው። «ለፊልሙ ስዕል ላክልኝ» ባልኸው ቁጥር ከድሮ ደብተሩ አንድ ገጽ እየገነጠልኩ ለሐናን እሰጣታለሁ፤ ፎቶ አንስታ ትልክልሃለች። «ጎሽ! እጅህ ተፍታታ» ብለህ ስትመልስለት፣ እግዜር ይይልኝ፣ ደስ ይለኝ ነበር። ልጄን እንዳለ ሰው የሚያናግረው አንድ ሰው ነበረኛ! ነፍስ አባቴ አባ ገብረ ሊባኖስ «ሙት የምታስዋሺው እስከ መቼ ነው?» ብለው ተቆጡኝ። ሐናን ግን «አብሽሩ እትዬ፣ ይንገሩትና ይገላገሉ» ነው የምትለኝ። ደብተሩ ሰኔ ላይ አለቀ። «ምነው ዝም አለ?» ስትለኝ የምልክልህ አንድ መስመር እንኳ የለኝም።

ስሙን ይዤ ብዙ ዋሽቻለሁ። ይህን ግን አልችልም። «ኢያቄም እሺ ብሏል» ብዬ ከምጽፍ እጄ ይድረቅ!

ደግሞ ገንዘብ ሰጪዎችህ ሰው ካላለቀሰ ፊልሙ አይወደድም ብለውሃል አሉ። እንባ ከፈለጉ እኔ ጋ ይምጡ፣ ሞልቶኛል። ብዕሩ ያለው አንተ እጅ ነው አይደል? ጺም አብቅልለት። ዳርልኝ። ልጆቹን አሳየኝ፤ እኔ አላየኋቸውም። ገበያ ሄዶ ሲመለስ ቤቱ አስገባው፣ በሩን ዝጋበት፣ ምሳውን አብላልኝ። «ሥራዬን ቢቀሙኝስ?» እንዳትለኝ። ስንት ዓመት የለፋህበት እንደሆነ አውቃለሁ፤ አውቄም ነው የምለምንህ። ከአንተ በቀር የምለምነው የለኝም።

ስላታለልኩህ ብትቆጣኝ እውነትህን ነው። ተቆጣኝ፣ ግን ዝም አትበለኝ። አልቅስ ደግሞ፤ ጮኸህ አልቅስ፣ እርምህን አውጣ። በአገራችሁ ወንድ አያለቅስም ካሉህ አትስማቸው።

የይምርሐነ ክርስቶስ አምላክ እጅህን ይባርክልህ፣ ዓይንህን ይጠብቅልህ፣ ከክፉ ይሰውርህ። እኔ ልጄን አንድ ጊዜ ቀብሬዋለሁ፤ ደግመህ አታስቀብረኝ።

እናትህ ሰርካለም