ስለ ማዬስትሮ ኤቭራር ካስቴልቦን ዕረፍትና ስለ መጨረሻው ምሽታቸው

የቫልሮዝ ኦፔራ የሙዚቀኞች ማኅበር፣ የኦርኬስትራችን መሪ ማዬስትሮ ኤቭራር ካስቴልቦን እሑድ ጠዋት በመኖሪያ ቤታቸው በድንገተኛ የልብ ሕመም ማረፋቸውን ለአባላቱ፣ ለኦፔራው ሠራተኞችና ለከተማችን ሕዝብ የሚያስታውቀው በጥልቅ ሐዘን ነው። ከሐዘኑ ጋር የተቀላቀለ ጭንቀትም አለብን፤ እሱን ሳንገልጽ ብናልፍ መግለጫው ጎዶሎ ይሆናል።

ማዬስትሮ ካስቴልቦን እ.ኤ.አ. በ1957 በናርቦን ከተማ ከበርሜል ሠሪ ቤተሰብ ተወለዱ። ከቫዮሊን ተለቅ ያለውን መሣሪያ፣ ቪዮላን ተምረው በወጣትነታቸው በአንድ የክፍለ ሀገር ኦርኬስትራ የኋላ ወንበር ላይ ተቀመጡ። እኛ የምንደረድረውን ሰበብ ሁሉ እሳቸው በዘመናቸው ደርድረውት ስለነበር ሊያታልላቸው የቻለ ሙዚቀኛ አልነበረም።

በ1986 ወደ ኦፔራ ተሻገሩ። ለዘፋኞች ፒያኖ እየተጫወቱ በማስጠናት ጀምረው በሊል፣ በሊዬዥና በጄኖዋ ለረጅም ዓመታት ኦርኬስትራ መሩ። ዘፋኝ ትንፋሽ ሲያጥረው ኦርኬስትራውን ሳያስታውቁ ያፋጥኑለት ነበር፤ ተመልካቹ ምንም አያውቅም፣ ዘፋኙ ግን አይረሳላቸውም።

በ2008 ወደ ቫልሮዝ መጡ። የተዘነጉ የፈረንሳይ ኦፔራዎችን ወደ መድረክ መለሱ። በየዓመቱ የወይን ለቀማ ሲያበቃም በአውቶቡስ ጭነው በየመንደሩ የወይን ጠጅ መጋዘን ውስጥ አጫወቱን።

ቁጡ ነበሩ። ይህን ብንደብቅ በዘመናቸው የተቆጧቸው ሰዎች ሁሉ ይታዘቡናል።

ባለፈው ጃንዋሪ የትንፋሽ መሣሪያ ተጫዋቾች ሁሉ በቦታቸው ለመቆየት ማንነታቸው ሳይታይ ከመጋረጃ ጀርባ እንደገና እንዲፈተኑ አዘዙ። ማኅበራችን ተቃወመ። በዚያው ወር ባቀረብነው ኮንሰርት መጨረሻ ላይ ተነስተን እጅ እንድንነሳ ምልክት ሲሰጡን አንድም ሰው አልተነሳም፤ በተመልካቹ ፊት ብቻቸውን ቆመው ቀሩ። በማርች ትእዛዙን ሻሩት። ልምምድ ላይ "ተሳስቻለሁ። በሉ፣ ከሁለተኛው ገጽ" ብለው ወደ ሥራቸው ገቡ፤ ቂሙም በዚያው አበቃ።

በሙያችን ግን ኦርኬስትራ ሳይነሳ የሚቀርበት ሌላ ምክንያት አለ። ጭብጨባው የእርስዎ ብቻ ነው ለማለት ነው። ለመሪ ከዚህ የሚበልጥ ክብር የለንም።

ቅዳሜ የዓመቱ መዝጊያ ኦፔራ ነበር። እንዲህ ያለ ምሽት ሰጥተውን አያውቁም። በዕረፍቱ ሰዓት ላለመነሳት ስንስማማ፣ ሆርን ተጫዋቹ ሙሴ ቲቦ ላርዜ "የጃንዋሪው እንዳይመስላቸው እኮ!" አለ። የመጀመሪያዋ ቫዮሊን ተጫዋች ማዳም ሶሌን ብሬአ "አንተ ደግሞ! ዕድሜ ልካቸውን በዚህ ሙያ የኖሩ ሰውዬ ይሄ ይጠፋቸዋል? ይልቅ ቀስታችሁን አዘጋጁ" አለች።

ማዬስትሮ መድረክ ላይ ወጥተው ከመድረኩ ፊት ዝቅ ባለው የኦርኬስትራ ቦታ እኛ ወዳለንበት ወደ ታች እጃቸውን ዘረጉ። አልተነሳንም። የክብር ምልክት እንዲሆን የኖታ ማቆሚያዎቻችንን ቫዮሊንና ቼሎ በምንጫወትበት ቀስት መታ መታ አደረግን፤ ጭብጨባው ዋጠው። የመድረኩ መብራት ዓይናቸው ላይ ስለነበር ፊታችንን ማየት አልቻሉም። ደግመው እጃቸውን ዘረጉ። ከዚያ ጎንበስ ብለው ወጡ፤ ሕዝቡ ቢጠራቸውም አልተመለሱም። ሰኞ የዓመቱን ሥራ በምንዘጋበት የመሰነባበቻ ምሳ ላይ ነግረናቸው አብረን ልንስቅ ነበር።

ባለቤታቸው ማዳም ኦዲል እንደነገሩን፣ ወደ ቤት ሲመለሱ በመኪና ውስጥ የተናገሩት አንድ ነገር ብቻ ነው፦ "አልተነሱም።" በምን ዓይነት ድምፅ እንደሆነ ስንጠይቃቸው፣ "እኔ ነበርኩ የምነዳው፤ ዓይኔ መንገዱ ላይ ነበር። ምነው ዞር ብዬ ባየሁት ኖሮ!" አሉን።

የሚያስጨንቀን ይህ ነው። እንዳከበርናቸው ገብቷቸው ይሁን፣ ወይስ ዳግመኛ ያዋረድናቸው መስሏቸው፣ አናውቅም። ከእንግዲህ የሚነግረንም የለም።

ለማዳም ኦዲል፣ ለልጃቸው ለማርጎ፣ በየመድረኩ አብረዋቸው ለሠሩ ዘፋኞችና የሥራ ባልደረቦች ሁሉ መጽናናትን እንመኛለን።

የቀብር ሥነ ሥርዓቱ ሐሙስ ከቀትር በኋላ በሳን-ክሌር ቤተ ክርስቲያን ይፈጸማል። ኦርኬስትራው ይጫወታል። ማኅበሩ በሙሉ ድምፅ እንደወሰነው ለሙዚቀኞች ወንበር አይቀርብም። ቼሎ ቆመው የሚጫወቱት መሣሪያ ስላልሆነ የቼሎ ተጫዋቾቻችን በዕለቱ አይጫወቱም፤ መሣሪያቸውን ይዘው ከእኛ ጋር ይቆማሉ።

የቫልሮዝ ኦፔራ የሙዚቀኞች ማኅበር