ከኅብረተሰቡ ተለይታ

ሰኞ፣ ኅዳር 4 ቀን 1976

የነገረኝ ሽታው ነው። መርፌ የምንቀቅልበትን ድስት ከምድጃው ላይ ሳወርድ በጨርቅ መያዝ ረስቻለሁ። የሚሸተው ምንድን ነው ብዬ ዞር ዞር ስል የሚሸተው የራሴ እጅ ነበር። የቀኝ እጄ ሁለት ጣቶች። ምንም አልተሰማኝም። የክሊኒኩ የጽዳት ሠራተኛ በሩ ላይ ቆማ ታየኛለች። ድስቱን ቀስ ብዬ አስቀመጥኩና «ትንሽ ነው» አልኳት። እሷ ግን የምታየው ጣቴን ሳይሆን ፊቴን ነበር። ፊቴ ላይ ሕመም የሚባል ነገር አልነበረም።

ከምሳ በፊት ኃላፊው አስጠራኝ። በሩን ዘግቶ እጅጌሽን ሰብስቢ አለኝ። ከክርኔ በላይ ያለችውን ነጣ ያለች ቦታ አያት። «ዓይንሽን ጨፍኚ» አለኝ፣ ጥጥ ይዞ። እኔም በድሬሰርነት ይህን ምርመራ ለሰው ሳደርግ አሥራ አንድ ዓመት ሆኖኛል። «አሁን?» ሲለኝ «አዎ» አልኩ። «አሁንስ?» «አዎ።» ዓይኔን ስገልጥ ጥጡ ጠረጴዛው ላይ ነው። ሳይነካኝ ነበር የሚጠይቀኝ። እኔም የሚዋሹትን የማጋልጠው እንደዚሁ ነበር።

ሥጋ ደዌ እንደያዘኝ ካወቅሁ ስምንት ወር አልፎታል። ለባሌም አልተነፈስኩም። መድኃኒቱን፣ ዳፕሶኑን፣ ከመድኃኒት ክፍል በድብቅ እያወጣሁ እውጥ ነበር።

ማክሰኞ፣ ኅዳር 5

ደብዳቤው ወጣ። ለቀበሌው ግልባጭ አለው። ሐሙስ በመኪና ቴፒ፣ ከዚያ በእግር፣ ጫካው ውስጥ ወዳለው የሕሙማን መንደር። «ለሰፊው ሕዝብ ጤንነት ሲባል ከኅብረተሰቡ ተለይታ እንድትታከም» ይላል። ዓረፍተ ነገሩን አውቀዋለሁ። የሌሎቹን ደብዳቤ የምጽፈው እኔ ነበርኩ፤ የእጅ ጽሑፍሽ ያምራል እየተባልኩ።

ኃላፊውን «መድኃኒት የጀመረ ሰው ለማንም አያስተላልፍም፤ እርስዎም ያውቃሉ» አልኩት።

«አውቃለሁ» አለኝ። «ቀበሌው ግን አያውቅም። ስብሰባ ላይ ማን ተነስቶ ይከራከርልሽ?»

እኔስ ለማን ተነስቼ ተከራክሬ አውቃለሁ።

ባሌ ታደሰ ከሚያስተምርበት ትምህርት ቤት ሲመለስ ነገርኩት። የጠየቀኝ አንድ ነገር ብቻ ነው። «ምሕረትን ገላዋን የምታጥቢያት አንቺ ነሽ አይደል?» ያምሻል ወይ አላለኝም። ፈርተሻል ወይ አላለኝም። ፍራሼን ማድ ቤት አስገባልኝ። ብርጭቆዬንም ለብቻ አስቀመጠ።

ረቡዕ፣ ኅዳር 6

የምይዘው፦ ሁለት ቀሚስ፣ ጋቢ፣ ሳሙና፣ ፋሻ፣ ወረቀትና የማኅተም ቀለም፣ ይህ ደብተር፣ የዳፕሶኑ ቆርቆሮ። ቆርቆሮው ውስጥ ያለው ለአንድ ሰው አንድ ዓመት ይበቃል። ትናንት ጠቅልዬ አወጣሁት። ስርቆት ነው። አልጸጸትም።

ልጄ ምሕረት ከትምህርት ቤት በቀጥታ አክስቷ ቤት ትሂድ ብሎ ታደሰ አዘዘ። «ለእሷው ብዬ ነው» አለኝ። እኔም ለእረፍት የሚወጡበትን ሰዓት ጠብቄ ትምህርት ቤቱ አጥር ጋ ሄጄ ቆምኩ። ስምንት ዓመቷ ነው፤ ከልጆቹ መሃል አየችኝና ሮጣ መጣች። በአጥሩ ቀዳዳ እጇን አሾለከችልኝ።

አልያዝኩትም። እጄን ወደ ኋላዬ ደበቅሁት። እንደማይተላለፍ እያወቅሁ፣ ለኃላፊው ትናንት የተናገርኩትን፣ እኔው ራሴ።

«እማዬ፣ እጅሽ ምን ሆነ?»

«ተቃጠለ።»

«ያምሻል?»

«አዎ» አልኳት። «ያመኛል።»

ደወል ተደወለ።

ሐሙስ፣ ኅዳር 7

ቡና ሊጭን ቴፒ በሚወርድ መኪና መጣሁ። ጋቢናው ባዶ ነበር፤ ሹፌሩ ግን ወደ ኋላ ጠቆመኝ። ባዶ ጆንያ ላይ ተቀምጬ ስንገጫገጭ ዋልኩ። ቅርንጫፍ ፊቴን ሲገርፈኝ ተሰማኝ። ፊቴ ይሰማል፤ ይህም አንድ ነገር ነው።

ቴፒ ወሬው ቀድሞኝ ደርሷል። ሆቴሉ አልጋ የለም አለ። ሻይ ቤት ገባሁ። ሴትየዋ ሻዩን ውጭ ድረስ በቆርቆሮ ጣሳ አመጣችልኝና መሬት ላይ አስቀመጠችው። «ጣሳውን ይዘሽው ሂጂ፣ አትመልሺው» አለች። አነጋገሯ ክፉ አልነበረም። ጠጣሁት። ከጠዋት ጀምሮ የቀመስኩት ነገር አልነበረም።

ይህን የምጽፈው ቤተ ክርስቲያኑ ደጀ ሰላም ተቀምጬ ነው። ፀሐይ ገና አልጠለቀችም።

ዓርብ፣ ኅዳር 8

አንድ የአብዮት ጥበቃ ጠመንጃ ይዞ አደረሰኝ። አሥር እርምጃ ያህል ቀድሞኝ ነው የሚሄደው። ስቆም ይቆማል፣ ስጠጋው ይፈጥናል። አራት ሰዓት ያህል ሄድን። ሁለት ወንዝ ተሻገርን።

መንደሩ ብዬ ስጽፍ የኖርኩት ይኸው፦ ጭቃ ላይ የተበተኑ ጎጆዎች፣ እንሰት፣ ጎደሬ፣ ማንም የማይገዛው ቡና። ነጋዴ የለቀመውን እጅ ካወቀ አይነካውም አሉኝ። ስለዚህ ቀይ እንደሆነ ዛፉ ላይ ይደርቃል።

አንዲት ሴት አንካሳ እግሯን እየጎተተች መጥታ ፊት ለፊቴ ቆመች። ጀርባዋ ላይ ሕፃን አዝላለች። ትኩር ብላ አየችኝ።

«አላወቅሽኝም» አለች።

አላወቅኋትም።

«አበበች ነኝ፣ የጌጫዋ። በገበያ ቀን መጥታችሁ ስትመረምሩ ጡት የሚጠባ ወንድ ልጅ ይዤ ነበር። ለእህትሽ ስጪው፣ ስድስት ወር ታክመሽ ትመለሻለሽ አልሽኝ።» ከዚያ ረጋ ብላ፣ «እዚህ ከመጣሁ አራት ዓመቴ ነው» አለች።

ያኔ አንቱ ትለኝ ነበር። ዛሬ አንቺ አለችኝ። ምን ልበላት? ይቅርታ አልኳት። «እሱን ምን አደርገዋለሁ?» ብላ የማድርበትን ጎጆ አሳየችኝ። ባለቤቱ በክረምት ሞቷል።

ቅዳሜ፣ ኅዳር 9

መድኃኒት ከሰኔ ወዲህ አልመጣም። ሳጥኑን ከፍተው አሳዩኝ፤ አይጥ ወልዳበታለች። «በየወሩ ይደርሳችኋል» እያልኩ ነው ሰው ስልክ የነበረው። ይደርስ እንደሆነ አንድም ቀን ጠይቄ አላውቅም። ጥያቄው የእኔ ሥራ አልመሰለኝም ነበር።

ሳሙናና ፋሻዬን አውጥቼ ቁስል ላጥብ ብዬ ወንዙ ዳር ተቀመጥኩ። እስከ እኩለ ቀን ማንም አልመጣም። ከሩቅ ያዩኛል። በመጨረሻ አበበች መጣችና እግሯን ዘረጋችልኝ። ተረከዟ ላይ አጥንት የሚያሳይ ቁስል አለ። ስጠርገው አልተሰማትም። ከእሷ በኋላ ሌሎቹም መጡ።

ሕፃኗ አጠገባችን ጎደሬ ትበላለች። ታደለች ትባላለች፤ አበበች እዚህ ካገባችው ሰው የተወለደች። ሦስት ዓመት አልሞላትም። ጉንጯን ሳየው ነጣ ያለች፣ ዳሯ የለየ ቦታ አለች። ቀና ስል አበበች ታየኛለች።

«አይቻታለሁ» አለች። «እኔም አውቃለሁ።»

እሑድ፣ ኅዳር 10

ስለ ቆርቆሮው ከራሴ ጋር ስሟገት ዋልኩ።

ለሁሉም ባካፍል በሁለት ሳምንት ያልቃል፤ ማንንም አያድንም፣ በሽታውንም ከመድኃኒቱ ጋር ያለማምደዋል። ለእኔ ብቻ ከሆነ አንድ ዓመት። ለእኔና ለልጅቷ ከሆነ፣ እሷ ሩብ ፍሬ ነው የሚበቃት፣ ዘጠኝ ወር። ሂሳቡ ትክክል ነው። ግን ማን ይዳን፣ ማን ይቅር ብዬ የምመርጠው አሁንም እኔ ነኝ። እዚህ ጭቃ ላይ ተጥዬም።

አንድ ሽማግሌ ጠዋት ሲያመሰግኑኝ ዓይናቸውን ማየት አቃተኝ። ጣቶቻቸው ረግፈዋል። ለእሳቸው አንድም ፍሬ አላሰብኩም።

ከሰዓት አበበች ጎጆ ገብቼ ቆርቆሮውን ከፈትኩላት። ምን እንደሆነ ወዲያው አወቀች።

«ስድስት ወር እንዳትዪኝ ብቻ» አለች።

«አልልሽም።»

«ታዲያ ስንት ነው?»

«ዓመታት ነው። ይህ ካለቀ በኋላ ሌላ ካልመጣ ደግሞ አላውቅም።»

ተነስታ ማር አመጣች። ሩቧን ፍሬ ጨፍልቄ በማር ለወስኩት። ልጅቷ መጀመሪያ ተፋችው፤ በሁለተኛው ዋጠችው። አበበች አላመሰገነችኝም። ባታመሰግነኝም ደስ አለኝ።

ሰኞ፣ ኅዳር 11

የአብዮት ጥበቃው ሰኞ ሰኞ ጨው ያመጣል አሉኝ። ሳይመጣ ደብዳቤ ጻፍኩ፣ በዚያው በሚያምረው ጽሑፌ፣ ለጤና ጥበቃው ቢሮ። መድኃኒቱ የቆመበትን ወር፣ የሳጥኑን ሁኔታ፣ ምን ያህል ዳፕሶንና ፋሻ እንደሚያስፈልግ። ግርጌው ላይ «አስናቀች፣ ድሬሰር» ብዬ ፈረምኩ። በሽተኛ አላልኩም።

የሁሉም አሻራ ይኑርበት ያለችው አበበች ናት። ቀለሙን አወጣሁ። አውራ ጣት ያለው በአውራ ጣቱ፣ የሌለው በቀረው። ሽማግሌው የእጃቸውን ጉማጅ ቀለሙ ውስጥ ነከሩና ወረቀቱ ላይ ለረጅም ጊዜ ተጫኑት፣ እንዳይደበዝዝ። ሲያነሱት ጥቁር ክብ ሆኖ ቀረ። «ይህ እንኳ ከማንም ጋር አይምታታም» አሉ። ሰዎቹ ሳቁ። እኔ መሳቅ አልቻልኩም።

የአብዮት ጥበቃው ጨዉን ድንጋይ ላይ አስቀምጦ ራቅ ብሎ ቆመ። ደብዳቤውን ስዘረጋለት ወደ ኋላ አፈገፈገ። «መሬት ላይ አድርጊው» አለኝ። አደረግሁት። ዙሪያውን አየ፤ የእንሰት ቅጠል ቀደደና በቅጠሉ ይዞ አነሳው። ጠቀለለው። የት እንደሚያስገባው ግራ ገባው መሰለኝ፣ ትንሽ ቆመ።

«ለማን ነው የምሰጠው?» አለ።

ነገርኩት። ሁለት ጊዜ ደገመልኝ፣ እንዳይረሳው።

እስከ ወንዙ ድረስ ተከተልኩት፤ ሊጥለው ይችላል ብዬ። ጠመንጃውን በአንድ እጁ፣ ጥቅሉን በሌላው ከሰውነቱ አርቆ ይዞ ተሻገረ። ማዶ ዳገቱን ወጥቶ ዛፎቹ እስኪጋርዱት ቆሜ አየሁት። እስከዚያ ድረስ አልጣለውም።