ያሲን ያልተናገረው ቃል

ኅዳር 3፣ ጠዋት
ንፋስ። ጀልባ አልወጣም። መረቤ ሁለት ቦታ ተቀዷል፤ ጉማሬ ይሁን ግንድ አላውቅም። እየጠገንሁ ሳለሁ ከማል ደወለ። የባለቤቴ የሰዓዳ ወንድም ነው፤ የዓሣ አስጋሪዎች ማኅበራችን አዲሱ ሊቀ መንበርም እሱ። የቀድሞው ሊቀ መንበር ሐጂ ሙሐመድኑር በከሰሱን ጉዳይ የግልግል ዳኞቹ ለኅዳር 12 ቀጥረውናል። የማኅበሩ ፀሐፊ እኔ፣ ቃለ ጉባኤ የያዝሁት እኔ፣ ስለዚህ ምስክሩም እኔ። የጻፍኸውን ብቻ ድገም አለኝ። እሺ አልሁ።
ለከማል እሺ ማለት ለምዶብኛል።

ኅዳር 4
ደብተሬ፣ ይህን ላንተ እንኳ አልነገርሁህም።
ሐጂ ሙሐመድኑር ማኅበሩን ያቋቋሙ ናቸው። መረብ አጣጣል ያስተማሩኝም እሳቸው። ግን የሥራ ዘመናቸው አለቀ፣ ሌላ ዘመን ጨመሩ፣ ምርጫ አልጠራ አሉ። ደንቡ አይፈቅድም ብዬ ቤታቸው ድረስ ሄድሁ። ልጅ ነህ ብለው አሰናበቱኝ። ተናደድሁ። በሰኔ ከከማል ጋር ሆነን ጠቅላላ ጉባኤ ጠራን። ዝናብ። የአባላቱ ግማሽ እንኳ አልመጣ። ከግማሽ በላይ ካልተገኘ ስብሰባው አይጸናም። ሌላ ቀን እንጥራ አልሁ፤ ከማል ሁለተኛ አይመጡም አለ። እሺ። የቀሩትን ስም ሞላሁ፣ በእያንዳንዱም ፊት ፈረምሁ።
አልበቃም። ሐጂ ይውረዱ የሚለውን ሐሳብ ያቀረበ ሰው ያስፈልጋል። ከማል ቢሆን ለወንበሩ ብሎ ነው ይባላል። ያሲን ይሁን አልን። የሐጂ የልብ ወዳጅ፤ እሱ ካለ ማን ይከራከራል። በራሴ እጅ ጻፍሁት።
ያሲን የዚያን ቀን ሚስቱን ይዞ ባሕር ዳር ሐኪም ቤት ነበር።

ኅዳር 7፣ ከጁምዓ በኋላ
ሐጂ ከፊት ሰፍ፣ ያሲን ከኋላ ረድፍ። ሲወጡም ሰላምታ የለም።
በመስከረም የያሲን ሚስት ሩቅያ ስትሞት (አላህ ይዘንላት) ሐጂ ከቀብሯ ቀሩ። ለቅሶም አልደረሱ። መንደሩ ሁሉ ገረመው፤ እኔን አልገረመኝም። የቃ/ጉባኤው ግልባጭ በእጃቸው ነው። ኩሩ ሰው ናቸው፤ ያሲንን እውነት ነው ወይ ብለው አልጠየቁም። ያሲን ማንበብ አይችል፤ የነገረውም የለ።
ዛሬ በር ላይ ያዘኝ።
"ሐጂን ምን በድያቸው ይሆን? ሩቅያ እኮ እንደ አባቷ ነበር የምታያቸው። አንተ ታውቅ እንደሁ ብዬ ነው።"
አላውቅም አልሁት። መስጊድ በር ላይ ቆሜ።

ኅዳር 9
ሐጂ ዘንድ ሄድሁ። ልናገር ነበር። አዲስ ጀልባ እያበጁ ናቸው፤ ሳንቃውን እየላጉ ቀና ሳይሉ አነጋገሩኝ።
"ስለ መውረዴ አልከሰስሁም። መውረድማ ነበረብኝ፤ አብዝቼ ቆየሁ፣ አጥፍቻለሁ። ሳትሰበሰቡ ተሰበሰብን አላችሁ። የከሰስሁት ስለዚህ ውሸት ነው።"
ቀጥለው ደግሞ፣ "ያሲን ግን ፊት ለፊት ቢነግረኝ በማግስቱ እለቅለት ነበር" አሉ።
ውኃ ለመንሁ፣ ጠጣሁ፣ ወጣሁ። ፈሪ።

ኅዳር 11
ለሰዓዳ ነገርኋት። ይቆጣል ብዬ የፈራሁት ፊቷ አልተቆጣም፤ ያ ባሰብኝ። ከማል ወንድሜ ነው አለች። ቆይታ፣ ሩቅያን ካጠቧት ሴቶች አንዷ እኔ ነኝ አለች። ያሲን የዚያን ቀን ሐጂ ደረሱ ወይ እያለ መንገድ መንገዱን ያይ ነበር አለች። ተናገርም፣ ተውም አላለችኝ።

ኅዳር 12
ዓባይ ማዶ፣ ጠባብ ክፍል። ሦስት ዳኞች፤ አንዱን ሐጂ መረጡ፣ አንዱን ከማል፣ ሰብሳቢውን ሁለቱ ዳኞች። ቃ/ጉባኤው ጮክ ተብሎ ተነበበ። አባላት ከኋላ ተቀምጠናል። "አቶ ያሲን ተነሥተው ሐጂ በቃቸው ሲሉ ሐሳብ አቀረቡ" የሚለው ላይ ሲደርስ ያሲን ብድግ አለ።
"እኔ ነኝ ያልሁት?"
ሰብሳቢው አስቀመጠው። ተጠራሁ። ከማል ዓይኑን አልነቀለብኝም። አንዴ አየሁት፣ ከዚያ በኋላ አላየሁትም።
"ያሲን አልነበረም። ብዙዎቹ አልነበሩም። ስማቸውን የጻፍሁ፣ የፈረምሁላቸውም እኔ ነኝ።"
ሐጂ ወደኔ አልዞሩም። ወደ ያሲን ነው የዞሩት።
"ወዴት ነበርህ?"
"ሐኪም ቤት። ከሩቅያ ጋር።"
ሽማግሌው ኩፊያቸውን አውልቀው ፊታቸውን ሸፈኑበት። ማንም ይነሡ፣ ይቀመጡ አላላቸውም። ሰብሳቢው ራሱ ወረቀቱን አጥፎ ጠበቀ።

ኅዳር 15
ውሳኔው መጣ። የሰኔው ስብሰባ ፈርሷል። በወር ውስጥ አዲስ ጠ/ጉባኤ ይጠራል። ሐጂ ወንበሩ ላይ እስከዚያ ብቻ ነኝ፣ ለምርጫም አልቀርብም ብለዋል። መጀመሪያም የፈለግሁት ይህን ነበር፤ ትንሽ ብታገሥ በደህና መንገድ ይገኝ ነበር። የኔ ነገር ለፖሊስ ሊመራ ይችላል አሉኝ። ይመራ። ከፀሐፊነት ለቀቅሁ። ከማል ቤታችን አይመጣም፤ ሰዓዳ ለሱ የምታስቀምጠውን ምሳ ማስቀመጥ ትታለች።
ሐጂና ያሲን ትናንት አብረው መቃብር ወረዱ። ከጀልባ ላይ ሆኜ አየኋቸው። ሐጂ ብዙ ቆሙ።
ከዙህር ሶላት በኋላ ወደ ያሲን በር ሄድሁ። ከውስጥ ማን ነው አለ። እኔ ነኝ አልሁ።
"ሐጂ ይቅር በለው ብለውኛል። እላለሁ። ዛሬ ግን አልቻልሁም፣ ሂድልኝ።"
ሄድሁለት።
ነገ ተመልሼ እሄዳለሁ። ካልከፈተልኝ ከነገ ወዲያም።