ተዘቅዝቆ የታሰረው ታርጋ

ኅዳር 3/78፣ ጠዋት

ዛሬም አላዩትም።

ጓድ ደብተር፣ የፔጆአችንን የፊት ታርጋ ፈትቼ ዘቅዝቄ ካሰርኩት ሰነበተ። ቁጥሮቹ እንደ ሌሊት ወፍ ተንጠልጥለው መንገደኛውን ያያሉ። ሰፈሩ በሙሉ አይቷል። ባለሱቁ አይቶ ሚዛኑን ጥሎ ሳቀ። አባባ ግን ሰው ሲስቅ በእኔ የሚስቅ እየመሰላቸው፣ ደግሞ ምን አድርገህ ነው ብለው ይገላምጡኛል።

የጠበቅኩት ስድብ ነበር። መጀመሪያ አንተ የማትረባ ይላሉ፣ ቀጥሎ ጫማ ይወረወራል፣ ቀጥሎ ቁርስ። የቤታችን ደንብ ነው። እናቴ ካረፈች ወዲህ ሁለታችን ብቻ ነን፤ እኔ ካላናደድኳቸው ማን ያናድዳቸዋል።

ዛሬ እርጥብ ጨርቅ ይዘው ወጡ። መብራቱን ጠረጉ። ታርጋው ላይ ጎንበስ አሉ። እኔ በበሩ ስንጥቅ፣ አፌን በእጄ ይዤ። ቁጥሮቹን አንድ በአንድ በጣታቸው አሹ፣ እፍ አሉበት፣ "አሁን ሰው መሰልክ" አሉት መኪናውን። ሞተር አስነስተው ወጡ።

ከነተዘቀዘቀው ታርጋ። ፈትቼ ላስተካክለው? አይ፣ አንድ ቀን ልጨምርላቸው።

ኅዳር 4፣ ከሰዓት

ባልጨመርኩ።

አባባ ከተማው መግቢያ፣ ኤረር በር ኬላ ላይ ተያዙ። አዲስ ትራፊክ መጥቷል፣ ከጎጃም ተዛውሮ፤ ያገሩን ሰው ገና አልለመደም። ታርጋው ለምን ተዘቀዘቀ ብሎ አቆማቸው። አባባ "የትኛው ታርጋ?" አሉ። እሱም ያሾፉበት መሰለውና አንገቱን አስገብቶ ውስጡን አየ። ውስጡ ደግሞ ሙሉ ነበር።

ነገሩ እንዲህ ነው፣ ጓድ ደብተር። ፔጆአችን የቤት መኪና ታርጋ ነው ያለው። በቤት ታርጋ ሰው ጭኖ ማስከፈል ክልክል ነው። አባባ ጠዋት ጠዋት ከገጠር፣ ከድሬ ጠያራ ሴቶችን ከነቲማቲማቸው ያመጣሉ፣ የምንበላውም ከዚያ ነው፣ ሲጠየቁ ዘመዶቼ ናቸው ይላሉ። የድሮዎቹ ትራፊኮች ዘመድ ይወዱ ነበር። ይኸኛው ግን መስታወቱ ላይ የተንጠለጠለውን መስቀል አየ፣ ከኋላ የተቀመጡትን የቲማቲም ነጋዴዋን አደ ዘይነባን ከነሻሻቸው አየ፣ በማን በኩል ነው ዝምድናው አለ። አደ ዘይነባ ቅርጫታቸውን እያስተካከሉ "በአደም በኩል" አሉት።

ሊብሬው ተወሰደ። እስከ ወር መጨረሻ የታርጋ ዓይነት ይምረጡ፣ አለዚያ መኪናው ይታሰራል ተባሉ።

አባባ ቤት ገብተው አልጮሁም። ጫማም አልወረወሩም። ወንበር ላይ ተቀምጠው "ተዘቅዝቆ ነበር እንዴ?" አሉኝ፣ ቀስ ብለው። ምነው በወረወሩት።

ኅዳር 6

መንገድ ትራንስፖርት መ/ቤት ሄድን። ማስታወቂያው ግድግዳ ላይ ነው። አባባ መነጽሬን ረስቻለሁ፣ አንብብልኝ አሉ። መነጽር ኖሯቸው አያውቅም።

አነበብኩላቸው። የቤት ታርጋ ይዘው ይቀጥላሉ፤ ያኔ መኪናው ግቢ ውስጥ ቆሞ ዶሮ ይጥልበታል። ወይ የጭነት ታርጋ ይወስዳሉ፤ ያኔ መንግሥት በጠራ ቁጥር ፔጆው ይዘምታል፣ የዘመተ መኪና ደግሞ ጎማው እንኳ ተመልሶ አይመጣም። ወይ የታክሲ ታርጋ፣ ቀዩ፤ ማኅበር ተገብቶ፣ ተራ ተጠብቆ በሕጋዊ መንገድ እንጀራ ይበላል። ለታክሲ ግን ሾፌሩ ከጤና ጣቢያ የዓይን ምርመራ ያመጣል።

የመጨረሻዋን ድገማት አሉኝ። ደገምኳት። ድምፅህ አይሰማም አሉ። ጮኼ ደገምኳት፣ ሰልፈኛው ሁሉ ዞሮ አየን።

መንገድ ላይ እኔ ልንዳ አልኳቸው። መንዳት እችላለሁ፣ ሐኪም ጋራ ሥር ባለው ሜዳ ራሳቸው ናቸው ያስተማሩኝ። አፍህን ዝጋ አሉኝ። መንጃ ፈቃድ ለማውጣት የቀበሌ ወረቀት ያስፈልጋል፣ የቀበሌ ወረቀት ላይ ዕድሜ ይጻፋል፣ ዕድሜዬ ከተጻፈ ብሔራዊ ውትድርና። የቀበሌው ሊቀመንበር እስካሁን በልጅ ነው የሚቆጥረኝ። ቁመቴ አጭር፣ ጢሜ ሰነፍ፣ ሥራዬ የልጅ። ስምንተኛን ካቋረጥኩ ስንት ዘመኔ እንደሆነ ጠይቆኝ አያውቅም። የጎረቤታችን ልጅ ሄዶ ወሬው ጠፍቷል። እናቱ ፖስታ ቤት በር ላይ ነው የምትውለው።

ኅዳር 11፣ ጠዋት

አብሬያቸው ጋቢና ሄድኩ፣ ላያቸው ብዬ። ትራፊኩ ሳይወጣ ሴቶቹን ይዘን ከድሬ ጠያራ ስንመለስ አባባ ድንገት ፍሬን ያዙ። መስኮቱን ዝቅ አደረጉ። "ይግቡ እናቴ፣ ለእርስዎ ቦታ አይጠፋም" አሉ።

መንገዱ ዳር የቆመው የማሽላ አገዳ ነው። ታስሮ የተከመረ።

መኪናው በሳቅ ፈነዳ። አደ ዘይነባ ዕንባቸውን በሻሻቸው እየጠረጉ፣ የዚህ ሸይጣን አባት መሆንህን ወላሂ ዛሬ አወቅኩ አሏቸው። ሁሉም ቀልድ መሰላቸው። እኔም ቶሎ ብዬ "ይተዋት አባባ፣ ዛሬ ኮርታለች" አልኩ። ይበልጥ ሳቁ። አባባም ሳቁ፣ ከሁሉም ዘግይተው። መሪውን የያዘው እጃቸው ግን አልሳቀም።

ደብተር፣ እኔ ነኝ የሸፈንኳቸው። በእኔ ስም ነው የሚነዱት። የቀልደኛ አባት ስለሆኑ አገዳ ቢያሳፍሩም ቀልድ ነው፣ ድንጋይ ቢገጩም ቀልድ ይሆናል።

ኅዳር 13

እውነት ለመናገር ወጣሁ። እንዲህ ዓይነት ሥራ ለምዶብኝ አያውቅም።

መጀመሪያ ኤረር በር፣ አደ ዘይነባ ዘንድ። አባባ አያዩም፣ አብረዋቸው አይሂዱ አልኳቸው። ትክ ብለው አዩኝ፣ ከዚያ ባለፈው ቀብር አለ ብለህ ሰርግ ቤት እያለቀስኩ ያስገባኸኝስ አሉ። አንድ ቲማቲም መርጠው ሰጡኝ፣ ሂድ ብላ፣ ርቦሃል።

አባባ ታክሲውን ስለመረጡ፣ ቀጥሎ የታክሲ ማኅበሩ ሊቀመንበር ኦቦ ኢብሳ ዘንድ። ለአባቴ ተራ አይስጧቸው፣ ዓይናቸው ደክሟል፣ ዓይኔን ግንባር ያርገው... አልኩና መሐላው አፌ ላይ ደረቀ። ኦቦ ኢብሳ ሆዳቸውን ይዘው ሳቁ። አምና ታክሲያቸው ውስጥ ፍየል ዘግቼ ነበር፣ መሪው ላይ ኮፍያ ደፍታ። አባትህን ለማናደድ ሌላ ዘዴ ፈልግ፣ ይቺ አልጣመችም አሉኝ።

ሌላ ማን አለ? ትራፊኩ? እሱ ደግሞ ካመነኝ አባባን ነው የሚያስራቸው።

ቲማቲሙ ጣፋጭ ነበር። በላሁት። ምን ላድርግ።

ኅዳር 17፣ ከሰዓት

አባባ ጠሩኝ። በር ዘጉ። ጤና ጣቢያ ያለውን የዓይን መመርመሪያ ሰሌዳ አይተህ ና አሉ። ለምን አላልኩም፣ ለምን እንደሆነም አልነገሩኝም። ሁለታችንም ግድግዳውን እያየን ነው የተነጋገርነው።

ሆዴን አመመኝ ብዬ ገባሁ። ሰሌዳው ላይ ፊደል የለም። ባለ ሦስት ጣት ሹካ የሚመስል ምልክት ነው፣ አፉ አንዴ ወደ ቀኝ፣ አንዴ ወደ ግራ፣ ወደ ላይ፣ ወደ ታች። ላይኛው መስመር ትልልቅ ነው፣ ወደ ታች ሲወርድ ጉንዳን ያክላል። ተመርማሪው አፉ ወደ ዞረበት በእጁ ያሳያል። ሁሉንም በቃሌ ያዝኩት። ነርሷ ለሆዴ መራራ ሽሮፕ አጠጣችኝ፣ ደግ አደረገች።

አሁን ግቢ ውስጥ እናጠናለን። እኔ በበትር እጠቁማለሁ፣ አባባ እጃቸውን ይዘረጋሉ። ቀኝ። ግራ። ላይ። ላይ። ታች። የጎረቤት ሴት በአጥር አሻግራ አየችና ለሰልፍ ነው የምትለማመዱት አለች። አባባ አዎን አሏት፣ እጃቸው ሰማይ ላይ እንዳለ።

ጎበዝ ተማሪ ናቸው። ከእኔ ይሻላሉ።

ኅዳር 20

ዛሬ እግረኛ ስተው አለፉ። በስንዝር። ሰውየው ወደ ኋላ ዘሎ ቦይ ውስጥ ገባ። አባባ "አንድ ነገር ሰማሁ፣ ውሻ ነው?" አሉ። አዎን ውሻ ነው አልኩ።

የማያምነኝን ሁሉ ነግሬ ጨርሻለሁ። የቀረኝ የማውቀው ሥራ ብቻ ነው።

ምርመራውን እንዲወድቁ የሰሌዳውን ታችኞቹን መስመሮች ገልብጬ አስተማርኳቸው። ላይኛውን አልነካሁም፣ ትልቁን ስለሚያዩት ይነቁብኛል። ከመሀል በታች ግን ቀኙን ግራ፣ ላዩን ታች አደረግኩት። ተሻሽሏል፣ ባለፈው ተሳስቼ ነበር አልኳቸው። ዝም ብለው ያዙት። ሲጨርሱ ግንባሬን ሳሙኝ፣ ልጅ ይውጣልህ አሉ።

ደብተር፣ አትየኝ።

ኅዳር 23፣ ቀትር

አለፉ።

ወረቀቱን እያውለበለቡ መጡ። በሳቅ ይንፈራፈራሉ። እኔ በሩ ላይ እንደ እንጨት ቆሜ። እንዴት ሆኖ? እንዴት?

ተቀምጠው እየሳቁ ነገሩኝ። "እስከማየው ድረስ ያስተማርከኝ ልክ ነበር። ከማላየው ጀምሮ ተንኮልህን እንደምትሠራ አውቄያለሁ። አንተን የወለድኩህ እኔ አይደለሁም? ገልብጬ አሳየሁ።"

ጀርባዬን መታ መታ አደረጉኝ። ምንም አልተቆጡም። ተንኮሌን ለጨዋታ ነው የወሰዱት። እያለቀስኩ ለጨዋታ አይደለም አልኳቸው። አባባ፣ አያዩም፣ ሰው ይገድላሉ። ለመጀመሪያ ጊዜ ፊት ለፊት አልኩት።

ሳቃቸው ቆመ። ከዚያ፣ እኔ መሪውን ከለቀቅኩ ማን ይይዘዋል አሉ። አንተ። አንተ ለመያዝ ቀበሌ ትሄዳለህ፣ ቀበሌ ከሄድክ ደግሞ እኔ ዓይን ቢኖረኝስ ማንን ላይበት ነው አሉ።



ኅዳር 28

ቀዩ ታርጋ መጣ። እኔው ነኝ ያሰርኩት፣ ፊትና ኋላ፣ አቅንቼ። አባባ በጣታቸው ዳሰሱት፣ ዛሬስ ልክ ነው አሉ። በጎኑ በር ላይ ቁጥሩ በነጭ ቀለም ተጻፈ። ያምራል። እውነቱን ለመናገር በጣም ያምራል። ኦቦ ኢብሳ ተራ ሰጥተዋቸዋል፣ ከተማ ውስጥ አይደለም፣ ነገ ድሬዳዋ፣ በደንገጎ ቁልቁለት። አደ ዘይነባ የወለደች ልጃቸውን ሊጠይቁ ይሄዳሉ፣ ፊት ወንበር አስይዘዋል። ኢንሻአላህ በሰላም እንገባለን፣ ባለ ሕጋዊ ታርጋ ሆነናል አሉ።

እኔም እሄዳለሁ አልኩ። ወንበር ሞልቷል።

ኅዳር 29፣ ንጋት

ጓድ ደብተር፣ አጭር ነኝ ዛሬ።

ያለ ታርጋ መኪና ኤረር በር ኬላን አያልፍም፣ ድሬዳዋ ኬላንም አያልፍም። ታርጋ የጠፋበት ሰው ደግሞ ፖሊስ ያመለክታል፣ ይመረመራል፣ ይጻፋል፣ ይጠበቃል። የዚህ አገር መ/ቤት መቼም ችኩል አይደለም። እስከዚያ ፔጆው ግቢ ውስጥ ነው፣ ዶሮዎቹ ደስ ይላቸዋል።

ማን ወሰደው ተብሎ አይጠየቅም። እውነት ስናገር ያላመነኝ ከተማ፣ ይህን ያለ ምስክር ያምነኛል። ኦቦ ኢብሳ ሳይጠየቁ ስሜን ይጠራሉ። ፖሊስ ይወስደኛል፣ ፖሊስ ቀበሌ ይልከኛል፣ ቀበሌ ዕድሜህ ስንት ነው ይለኛል። በዚያን ጊዜ አልቀልድም። ብሔራዊ ውትድርና ቢሆንም እነግረዋለሁ።

ታርጋዎቹን የት እንደማኖራቸው አውቄያለሁ። ድሬ ጠያራ መንገድ፣ አባባ ባልቴት መስላቸው የቆሙላት አገዳ ሥር።

ካቻቢቴው እጄ ላይ ነው። የኋላውን ጨርሻለሁ። አባባ ነቅተዋል፣ ከውስጥ ሲያስሉ ይሰማኛል። አንተ ልጅ፣ ግቢው ውስጥ ነህ ይላሉ። ነኝ። ታርጋውን ጥረገው፣ ትራፊኩ አቧራ አይወድም ይላሉ።

እሺ አባባ አልኩ። የፊተኛው አንድ ብሎን ነው የቀረው፣ እሱም እየላላ ነው።