የሠላሳ ኪሎ ሜትር ሰላምታ

ኅዳር 8፣ ሰኞ፣ ጠዋት 2:15
ደብተሬ፣ ዛሬም አንድ የሚከሰስ ጠፋ። ከሚሴ መውጫ፣ ት/ቤቱ በር፣ 30 የሚለው ምልክት ሥር ቆሜያለሁ። ራዳሩ በእጄ። የሚያልፈው ሁሉ 20፣ 22፣ 18። ጥፋቱ የእኔ ነው። የአገሩ ልጅ ትራፊክ ስሆን ሹፌሩ ሁሉ ወይ ዘመድ ነው ወይ ከወንድሜ ጋር የተማረ። የሚያውቁትን ሳይጠይቁ ማለፍ ደግሞ እዚህ ነውር ነው። ሚኒባሱ ገና ሲያየኝ ያዘግማል፤ መስኮቱ ይወርዳል፤ አካም ቡልቴ ዘይነብ፣ እንዴት አደርሽ፣ እናትሽስ፣ ላሟስ ወለደች? አያ ሰይድ ዛሬ ሙሉ ተሳፋሪ ይዞ ስለ አክስቴ ጉልበት ጠየቀኝ። ከኋላው አምስት መኪና። ማንም ጥሩንባ አልነፋም፤ ተራቸውን እየጠበቁ ነው።

ኅዳር 9፣ ማክሰኞ
አለቃዬ ኢንስፔክተር ይመር ጠሩኝ። ሪፖርቴ ባዶ ነው። ዘመድ ትጠይቂያለሽ እንጂ አትሠሪም አሉ። ሌላ አገር ካሜራ ምሰሶ ላይ ተሰቅሎ ዘመድ ባዳ ሳይል ይቀጣል አሉ። እውነታቸውን ነው፤ ጅዳ ያለው ወንድሜ ቅጣቱ በስልኩ ነው የሚመጣለት፣ የሚለምነው ሰው እንኳ የለም። ነገ ተደብቀሽ ለኪ፤ እስከ ሰኞ ካልተሻሻልሽ ባቲ ትዛወሪያለሽ፣ እዚያ ማንም አያውቅሽም አሉ። ተናደድኩ። ፈራሁም። እናቴን ትቼ? ምሳ አልበላም አልኩ። ከዚያ በላሁ።

ኅዳር 10፣ ረቡዕ
ከግራሩ ጀርባ ተደበቅሁ። 58። 63። አያ ሰይድ 71። ያ የአክስቴ ጉልበት ያሳሰበው ሰው። የት/ቤቱ ልጆች ሊለቀቁ አሥር ደቂቃ ሲቀራቸው። ዘልዬ ወጣሁና ክስ ጻፍኩበት። የተከፋው በክሱ አይደለም፤ በመደበቄ ነው።
“ኧረ ዘይኑ፣ ከእኔ ትደበቂያለሽ? ብትታዪኝ ወላሂ እቆም ነበር።”
ልጆቹም ሰላምታ ይገባቸዋል አልኩት። መሬት መሬት አየ።
ሥልጠና ላይ እንደነገሩን፣ አንዳንድ አገር አብዛኛው ሹፌር የሚነዳበትን ለክተው ነው ወሰኑን የሚጽፉት። በዛሬው ቢለኩ እዚህ 65 ሊለጠፍ ነው። ሌላው አገር የሚነሳው ከሰው ገላ ነው፤ መኪና ቢገጨው የሚተርፈው በስንት ነው ብሎ። እኔ ከሁለተኛው ወገን ነኝ።

ኅዳር 12፣ ዓርብ፣ ከጁምዓ በኋላ
ወጥቼ መታየት ጀመርኩ። ወዲያው የእኛ ሰው 20 ገባ። ግን ደብተሬ፣ አንድ ከሩቅ የመጣ ተሳቢ በ77 ሽው አለ። አያውቀኝም፣ ለምን ያዘግማል? ተቃጠልኩ። ለቀጣዩ ተሳቢ እጄን አነሣሁ፤ እንደ ማስቆም ሳይሆን እንደ ሰላምታ፣ ጥርሴንም አሳየሁ። 28! ሹፌሩ አንገቱን አውጥቶ የማን ልጅ ነሽ አለኝ። የሚስቱ እህት መስዬው ነው። አይደለሁም አልኩት፤ እሱ ግን ስለ ቤተሰቤ ጠይቆ ሄደ። እንባዬ እስኪመጣ ሳቅሁ። ከዚያ በኋላ ዘጠኝ ባዳ ሰላም አልኩ፤ ሰባቱ አዘገሙ። ሁለቱን አስቁሜ ከሰስኩ።

ኅዳር 15፣ ሰኞ
ተደብቄ የለካሁትንና ቆሜ የለካሁትን ጎን ለጎን ጽፌ ጠረጴዛቸው ላይ አኖርኩ። ኢንስፔክተር ሁለቱንም አነበቡ። ከዚያ ተነሥተው አብረውኝ መጡ። ምልክቱ ሥር ቆመው፣ እያፈሩ፣ ለአንድ የጭነት መኪና እጃቸውን አነሡ። 26። ፈገግ ሲሉ ሳይ የመጀመሪያዬ ነው። እሺ፣ እዚሁ ቆዪ አሉኝ።
እፎይ አልኩ። ለግማሽ ሰዓት ያህል።
ከዚያ ባቲ ትዝ አለኝ። ከጅቡቲ ወደ እኛ የሚመጣው ተሳቢ በመሃሏ ነው የሚያልፈው። በገበያው ቀን ፍየሉ፣ ግመሉ፣ ሰዉ አስፋልቱ ላይ። ሹፌሩን ሰላም የሚለው ትራፊክ የለም። እዚህማ ባልደረባዬ ሁሴን አለ፤ እሱ ከእኔ የባሰ ዘመዳም ነው።
ተመልሼ ኢንስፔክተር ቢሮ ገባሁ። ባቲ ላኩኝ አልኩ። ማንም አያውቅሽም እኮ አሉ። እስኪያውቁኝ ሰላም እላለሁ አልኩ። የዝውውር ማመልከቻ ላይ ፈረምኩ።
አሁን ቤት ነኝ። እናቴ ምን ትጽፊያለሽ እያለችኝ ነው። እንዴት ብዬ ልንገራት?